የሎዌል አየርላንዳውያን፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አሜሪካን ያስገረመችው የጨርቅ ከተማ ሎዌል በአየርላንዳውያን ስደተኞች ጉልበት እንዴት እንደተሠራች፣ እነሱም ባልታሰበላቸው ከተማ ውስጥ እንዴት ቦታ እንዳገኙ ብዙ ጥያቄ ይነሣል። በብዛት የሚነሡት ከነመልሳቸው እነሆ። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሎዌል የት ናት? ቦስተንና ኒው ዮርክ እያሉ ስለ አየርላንዳውያን ለመናገር ለምን እሷ ትመረጣለች?

ሎዌል ከቦስተን በስተሰሜን ምዕራብ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በሜሪማክ ወንዝ ዳር የተቆረቆረች የማሳቹሴትስ ከተማ ናት። ወንዙ ፖታኬት በተባለው ፏፏቴ ላይ 10 ሜትር ያህል ቁልቁል ይወርዳል። የቦስተን ባለሀብቶች የዚህን ውኃ ጉልበት አይተው በ1821 መሬቱን ከገበሬዎች መግዛት ጀመሩ፤ በ1822 የሜሪማክ ማምረቻ ኩባንያን አቋቋሙ፤ በ1823 የመጀመሪያው ፋብሪካ ጨርቅ ማውጣት ጀመረ። ከተማዋ ስሟን ያገኘችው በ1817 ከሞተው ነጋዴ ከፍራንሲስ ካቦት ሎዌል ነው። ጥቂት የእርሻ ቤቶች ብቻ የነበሩበት ቦታ በ1850 ከ33,000 በላይ ሕዝብ የሚኖርበት፣ በማሳቹሴትስ ከቦስተን ቀጥሎ ትልቁ ከተማ ሆነ።

ቦስተንና ኒው ዮርክ አየርላንዳውያን ሲደርሱ ያረጁ ከተሞች ነበሩ። ሎዌል ግን ከመጀመሪያዋ ዶማ ጀምሮ አየርላንዳውያን የነበሩባት ከተማ ናት። ደግሞም አሜሪካ ውስጥ እንደ ሎዌል አስቀድሞ የታቀደ ከተማ ጥቂት ነው። ፋብሪካው የት እንደሚቆም፣ ቦዩ በየት በኩል እንደሚያልፍ፣ ሠራተኞቹ ልጃገረዶች የትኛው ቤት ውስጥ እንደሚያድሩና ማታ ስንት ሰዓት በር እንደሚዘጋባቸው ሁሉ ተጽፎ ነበር። ቦዩን ለሚቆፍረው ሰው ማደሪያ ግን በዕቅዱ ውስጥ የለም። የሎዌልን አየርላንዳውያን ታሪክ ለመረዳት መነሻው ይህ ነው።

መጀመሪያ የደረሱት እነማን ናቸው?

ሂው ከሚስኪ የተባለ የታይሮን አውራጃ ተወላጅ የመራቸው 30 ያህል የቀን ሠራተኞች ናቸው። ሚያዝያ 6 ቀን 1822 ከቦስተን አጠገብ ካለችው ከቻርልስታውን ተነሥተው ያንን ሁሉ መንገድ በእግራቸው መጡ። የፋብሪካዎቹ ሥራ አስኪያጅ ከርክ ቡት ተቀበላቸው፤ እንደሚተረከውም መጠጥ ቤት ገብተው ጉሮሯቸውን የሚያርሱበት ገንዘብ ሰጣቸውና ወዲያው ስለ ሥራው ተነጋገሩ።

የመጀመሪያው ሥራቸው በ1790ዎቹ ለጀልባ መተላለፊያ የተሠራውን የፖታኬት ቦይ ማስፋትና ማጥለቅ ነበር። መሣሪያቸው ዶማ፣ አካፋና የእጅ ጋሪ፣ ድንጋይ ሲገጥማቸው ደግሞ ባሩድ ነው። ከዚያ በኋላ በነበሩት 25 ዓመታት በከተማዋ ውስጥ ወደ 9 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ የቦይ መረብ ተዘረጋ። ከሁሉም ከባዱ በ1848 የተጠናቀቀው ሰሜናዊው ቦይ ሲሆን፣ መሐንዲሱ ጄምስ ፍራንሲስ ወንዙን ከቦዩ የሚለይ ረጅም የጥርብ ድንጋይ ግንብ አቆመበት። ያ ግንብ ዛሬም ቆሟል። በ1835 የተከፈተው የቦስተንና የሎዌል የባቡር ሐዲድም ድንጋዩን የፈነቀሉለት እነዚሁ ሰዎች ናቸው።

ከሚስኪ ራሱ ሰው የሚያሠራ ተቋራጭ ሆኖ ቀረ። በኩባንያው ቢሮና በሠራተኛው መካከል የቆመ ሰው ነበር። ሥራ ፈላጊው እሱ ዘንድ ይሄዳል፤ ሰው የሚያስፈልገው አለቃም እሱኑ ያስጠራል። ከተማዋ ከአንድ ትውልድ በላይ አውቃው በ1871 አረፈ።

የት ይኖሩ ነበር?

ባገኙት ቦታ። ኩባንያዎቹ ለልጃገረዶቹ ባለ ሁለትና ባለ ሦስት ፎቅ የጡብ ማደሪያ ሲሠሩ፣ ቆፋሪዎቹ ሥራው ሲያልቅ ወደ መጡበት ይሄዳሉ ተብሎ ስለታሰበ የኩባንያው ሐሳብ ውስጥ አልገቡም። እነሱ ግን አልሄዱም። ከቦዮቹ አጠገብ ባለ ባዶ መሬት ላይ ሠፈሩ። የከተማው ሰው ቦታውን የፓዲ ሠፈር ይለው ነበር፤ ፓዲ ከፓትሪክ የወጣ፣ አየርላንዳዊን ሁሉ በንቀት መጥሪያ ነው።

በ1831 አንድ ጋዜጣ ስለዚያ ሠፈር የጻፈው ዘገባ ደርሶናል። ከአንድ ኤከር እምብዛም በማይበልጥ መሬት ላይ 500 የሚጠጉ ሰዎች 100 በሚሆኑ ጎጆዎች ውስጥ ይኖራሉ። ጎጆዎቹ ከፍታቸው ከ2 እስከ 3 ሜትር ሲሆን ከግንድ ልጣጭና ካልተላገ ሳንቃ የተሠሩ ናቸው። በአንደኛው ጫፍ የድንጋይ ምድጃ አለ፤ የጭስ መውጫው ደግሞ ሁለት ወይም ሦስት ባዶ የዱቄት ወይም የኖራ በርሜል እላይ በላይ ተደርድሮ የተሠራ ነው። አንድ ኤከር 4,000 ካሬ ሜትር ያህል ስለሆነ፣ ለአንድ ሰው የሚደርሰውን ቦታ ማስላት አይከብድም። ከዚህ ጥቂት መቶ ሜትሮች ራቅ ብሎ የአውሮፓና የአሜሪካ እንግዶች እየመጡ ንጽሕናዋን የሚያደንቁላት ከተማ ነበረች። እንግዶቹ የፓዲ ሠፈርን እንዲያዩ የሚጋብዛቸው አልነበረም።

ሁሉም አየርላንዳውያን ስለሆኑ በመካከላቸው ስምምነት ነበር?

አልነበረም። የኮርክ ሰው ከኮርክ ሰው ጋር፣ የኮናክት ሰው ከኮናክት ሰው ጋር ነበር የሚሠፍረው፤ የወንዝ ልጅነት ሥራ ለማግኘትም ይጠቅማል፣ ዱላ ለመማዘዝም ያደርሳል። በቡድኖቹ መካከል የነበረው ጠብ ቄሶቹን ብዙ አድክሟል። አዲስ አገር የገቡ ሰዎች አብረው የሚቆሙት ከውጭ የሚመጣው ግፊት ሲያስተባብራቸው ነው፤ በሎዌልም የሆነው ይኸው ነው።

ፋብሪካው ውስጥ መሥራት የጀመሩት መቼ ነው?

በብዛት የገቡት ዘግይተው ነው። በመጀመሪያዎቹ 20 ዓመታት ፈትሉንና ሽመናውን ይዘው የነበሩት ኒው ኢንግላንድ ከሚባለው፣ ማሳቹሴትስ ካለችበት ከሰሜን ምሥራቅ አሜሪካ ገጠር የመጡ የገበሬ ልጆች፣ ያላገቡ ፕሮቴስታንት ልጃገረዶች ነበሩ። እነዚህ ልጆች ዝም ብለው የሚገዙ አልነበሩም። በ1834 ደመወዝ ሲቀነስባቸው፣ በ1836 ደግሞ የማደሪያና የምግብ ክፍያ ሲጨመርባቸው ሥራ አቁመው አደባባይ ወጡ። በ1845 በሣራ ባግሊ መሪነት የሥራ ቀን 10 ሰዓት እንዲሆን ለማሳቹሴትስ ምክር ቤት አቤት አሉ። ምክር ቤቱ ጉዳዩ አይመለከተኝም አለ። የመኪናው ፍጥነት እየጨመረ፣ አንዷ ሸማኔ የምትጠብቀው የሽመና መኪና ቁጥር ከሁለት ወደ ሦስትና ወደ አራት ከፍ እያለ ሲሄድ ልጃገረዶቹ አንድ በአንድ ወደ ቀያቸው ተመለሱ፤ አስተማሪ የሆኑ፣ ያገቡ፣ ወደ ምዕራብ የሄዱም አሉ።

የተዉትን ቦታ የያዙት የአየርላንድ ሴቶች ናቸው። የሃሚልተን ኩባንያ መዝገብ ለውጡን ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። በ1836 ከሠራተኞቹ ከውጭ አገር የመጡት ከመቶ 4 አይሞሉም ነበር፤ በ1860 ከመቶ 60 በልጠዋል፤ ከእነሱም የሚበዙት አየርላንዳውያን ነበሩ። አንዲት የገበሬ ልጅ ሥራው ሲመርራት የምትመለስበት የአባቷ ቤት ነበራት። ከረሃብ የሸሸች ልጅ ግን የምትመለስበት የለም፤ የኩባንያው አለቆችም ይህን አሳምረው ያውቁ ነበር።

የአየርላንዱ ረሃብ ምን አመጣ?

በ1845 ድንችን የሚያበሰብስ በሽታ አየርላንድ ገባ። በሚሊዮን የሚቆጠር ድሃ ሕዝብ የዕለት ምግቡ ድንች ብቻ ስለነበር በሽታው በተደጋጋሚ ዓመታት ማሳውን ሲያጠፋው እልቂት ሆነ። እስከ 1852 ድረስ አንድ ሚሊዮን ያህል ሰው በረሃብና ረሃብ ባስከተለው በሽታ ሞተ፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተሰደደ። በእነዚያው ዓመታት እህልና ከብት በመርከብ ተጭኖ ከአየርላንድ ወደ እንግሊዝ ይወጣ ነበር። የመሬት ባላባቶች ኪራይ ያልከፈለውን ጭሰኛ ከቤቱ አስወጥተው ጣራውን ያፈርሱበት ነበር። በሽታውን ያመጣው ሻጋታ ቢሆንም፣ እልቂት እንዲሆን ያደረገው የመሬት ሥሪቱና አየርላንድን ይገዛ የነበረው የለንደን መንግሥት ቸልተኝነት ነው።

ከረሃቡ በፊት ወደ ሎዌል የመጡት በአብዛኛው የመሳፈሪያ ገንዘብ ያላቸው፣ እንግሊዝኛ የሚችሉ ወጣት ወንዶች ነበሩ። ከ1847 በኋላ የመጡት ግን ቤተሰብ ከነሕፃናቱ፣ ባሎቻቸውን መንገድ ላይ የቀበሩ ሴቶች፣ ብዙዎቹም ከአየርላንድኛ በቀር ሌላ ቋንቋ የማያውቁ የምዕራብ አየርላንድ ገጠሬዎች ናቸው። ቀድመው የሠፈሩት ዘመዶቻቸውን በየቤታቸው አስገቡ፤ አንድ ክፍል ውስጥ ሁለትና ሦስት ቤተሰብ መኖሩ የተለመደ ሆነ።

የፋብሪካው ሥራ በቅርብ ሲታይ ምን ይመስል ነበር?

ጥጡ በማባዣ መኪና ገብቶ ባዘቶ ይሆናል፤ ባዘቶው ይፈተላል፤ ፈትሉ በድርና በማግ ተለይቶ ወደ ሽመናው ፎቅ ይወጣል። አየርላንዳውያን መጀመሪያ የተመደቡት ብናኙ በሚበዛበትና ክፍያው በሚያንስበት የማባዣና የፈትል ክፍል ነው። ሽመናው የተሻለ ስለሚከፈልበት ቀስ ብለው ነው የደረሱበት።

የሥራ ቀኑ ከ12 እስከ 13 ሰዓት ይደርሳል። ድሩ እንዳይበጠስ አየሩ እርጥብ መሆን ስላለበት መስኮት በበጋም ይዘጋል። በመቶ የሚቆጠር የሽመና መኪና በአንድ ጊዜ ሲመታ ወለሉ ይንቀጠቀጣል፤ ሴቶቹ በከንፈር እንቅስቃሴ መነጋገርን የለመዱት በዚህ ምክንያት ነው። ማግ ባለቀ ቁጥር ሸማኔዋ አዲስ ልቃቂት ትጨምርና የክሩን ጫፍ በመወርወሪያው ቀዳዳ በኩል በአፏ ስባ ታወጣዋለች። ብናኙም አብሮ ወደ ሳንባዋ ይገባል፤ ያንኑ መወርወሪያ ሌላዋ ሠራተኛ ስትስበው ደግሞ ሳንባ ነቀርሳ ከአንዷ ወደ ሌላዋ ይተላለፋል። ማሳቹሴትስ ይህን አሠራር በሕግ የከለከለችው በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ነው። ለሴቶችና ለሕፃናት የ10 ሰዓት የሥራ ቀን የታወጀውም በ1874፣ ልጃገረዶቹ አቤት ካሉ ከ29 ዓመት በኋላ ነው።

በአንድ አባወራ የቀን ገቢ ቤተሰብ ማደር ስለማይችል ልጆችም ይሠሩ ነበር። የ1836 ሕግ ከ15 ዓመት በታች ያለ የፋብሪካ ሠራተኛ በዓመት 3 ወር ትምህርት ቤት እንዲገባ ያዝዛል፤ የ1842 ሕግ ደግሞ ከ12 ዓመት በታች ያለውን በቀን ከ10 ሰዓት በላይ ማሠራትን ይከለክላል። ይህ ሕግ ልጆችን ለመጠበቅ የወጣ መሆኑን ስናስብ የነበረውን ሁኔታ መገመት እንችላለን።

የቅዱስ ፓትሪክ ቤተ ክርስቲያን ለምን ይህን ያህል ይነሣል?

ለአየርላንዳውያኑ በከተማዋ የራሳችን የሚሉት የመጀመሪያው መሬት እሱ ስለሆነ ነው። መጀመሪያ ቅዳሴ የሚቀደሰው በሜሪማክ ኩባንያ ትምህርት ቤት ክፍል ውስጥ ነበር። የቦስተኑ ጳጳስ ቤኔዲክት ፌንዊክ በ1828 መጥተው ሕዝቡን አዩ፤ ከዚያ በኋላ ኩባንያው አንድ ኤከር የሚሆን መሬት ሰጠ። የከርክ ቡት ስሌት ግልጽ ነበር፦ ቄስ ያለበት ሠፈር ጸጥታ ይኖረዋል፣ ጸጥ ያለ ሠፈር ደግሞ ለሥራ ይመቻል። የሰጪው ሐሳብ ይህ ቢሆንም ተቀባዮቹ ሌላ ነገር ሠሩበት።

ግንባታው በመካሄድ ላይ ሳለ፣ በ1831 ጸደይ፣ የከተማው ፕሮቴስታንቶች ሠፈሩን ሊያጠቁ መጥተው በድንጋይ ተፋለሙ። የአየርላንድ ሴቶችም ድንጋይ እያቀበሉ ሠፈራቸውን ተከላከሉ፤ አጥቂዎቹም ወደ ኋላ ተመለሱ። የእንጨቱ ቤተ ክርስቲያን ሐምሌ 3 ቀን 1831 ተመረቀ። ከሦስት ዓመት በኋላ ቻርልስታውን ውስጥ የካቶሊክ መነኮሳይያት ገዳም በሕዝብ ሲቃጠል፣ የሎዌሉ ቤተ ክርስቲያን ምእመናን ሌሊት ሌሊት በየተራ እየጠበቁ ቆይተዋል። በ1854 በቦታው የተተካው የድንጋይ ሕንፃ ዛሬም አገልግሎት ይሰጣል። በዙሪያው ያለው ሠፈር ደግሞ እስከ አሁን ድረስ ዘ ኤከር ተብሎ ይጠራል።

የሎዌል የትምህርት ስምምነት ምንድን ነው?

በእኔ እምነት ከዚህ ታሪክ ሁሉ ይበልጥ ሊጠና የሚገባው ይህ ነው። በሕዝብ ገንዘብ የሚተዳደሩት ትምህርት ቤቶች የፕሮቴስታንቱን መጽሐፍ ቅዱስ ያስነብቡ ስለነበር ካቶሊክ ወላጆች ልጆቻቸውን አይልኩም ነበር። ከተማዋ በ1831 ለአየርላንዳውያን ልጆች ትምህርት ቤት በዓመት 50 ዶላር መደበች። በ1835 ደግሞ ቄሱ ከከተማዋ ትምህርት ኮሚቴ ጋር ተቀምጠው ተስማሙ። መምህራኑ ካቶሊኮች ይሆናሉ፤ ኮሚቴው ግን ፈትኖ ይቀጥራቸዋል። መጻሕፍቱ የካቶሊክን እምነት የሚነካ ነገር አይኖራቸውም፤ የትምህርቱ ይዘት ግን ከሌሎቹ ትምህርት ቤቶች ጋር አንድ ይሆናል። ደመወዙን የምትከፍለው ከተማዋ ናት።

በአሜሪካ ሃይማኖትና የመንግሥት ትምህርት ቤት ያላቸው ግንኙነት እስከ ዛሬ ፍርድ ቤት ለፍርድ ቤት የሚያንከራትት ጉዳይ ነው። ያን ጊዜ ግን ሁለት ወገኖች፣ አንዱ ገንዘብ ሌላው ልጆች ይዘው ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው ጨረሱት። ስምምነቱ 17 ዓመት ያህል ዘለቀ። ያበቃውም ጥላቻው እያየለ ሲመጣና በ1852 የኖትር ዳም ደናግል የተባሉ ካቶሊክ መነኮሳይያት መጥተው የልጃገረዶች ትምህርት ቤት ሲከፍቱ ነው።

ኖው ናትንግ የተባለው ፓርቲ ምን አደረገባቸው?

ይህ በምስጢር ማኅበርነት የተጀመረ ፀረ ስደተኛና ፀረ ካቶሊክ ፓርቲ ነው። በ1854 ምርጫ የማሳቹሴትስን ሥልጣን ከሞላ ጎደል ጠቅልሎ ያዘ፤ ሄንሪ ጋርድነርም ገዥ ሆነ። ምክር ቤቱ ካቶሊክ ገዳማትንና ትምህርት ቤቶችን የሚመረምር ኮሚቴ አቋቋመ፤ የኮሚቴው አባላት ሎዌል ወደሚገኘው የደናግሉ ትምህርት ቤትም መጥተው ክፍል ለክፍል ፈተሹ፤ አንዳች ነገር አላገኙም። ይልቁንም ከመሪዎቹ አንዱ ጆሴፍ ሂስ በዚያው ጉዞ የግል ወጪውን በመንግሥት ሒሳብ ማወራረዱ ተደርሶበት ከምክር ቤት ተባረረ።

ጋርድነር የአየርላንዳውያን ሚሊሻ ጓዶች እንዲበተኑ አዘዘ። የሎዌሉ ጠበቃና የሚሊሻ ኮሎኔል ቤንጃሚን በትለር በሥሩ የነበረውን ጓድ አልበትንም ብሎ ከአዛዥነቱ ተነሣ። በ1857 ማንበብና መጻፍ የማይችል እንዳይመርጥ፣ በ1859 ደግሞ ዜግነት ያገኘ ስደተኛ ተጨማሪ 2 ዓመት ሳይጠብቅ ድምፅ እንዳይሰጥ የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ወጣ። የሁለት ዓመቱ ገደብ የተነሣው በ1863፣ አየርላንዳውያን ወታደሮች በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት እየሞቱ ሳለ ነው። ማሳቹሴትስ በዚያ ዘመን ድሆች ያለቻቸውን አየርላንዳውያን በመርከብ ጭና ወደ ሊቨርፑል ትመልስም ነበር።

«አየርላንዳውያን እንዳያመለክቱ» የሚል የሥራ ማስታወቂያ በእርግጥ ነበር?

ነበር። በ2002 አንድ የታሪክ ፕሮፌሰር እንዲህ ያለው ማስታወቂያ ከሞላ ጎደል ተረት ነው ብለው ጽፈው ብዙ ሰው ተቀብሏቸው ነበር። በ2015 ግን ገና ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ያልገባች ተማሪ የድሮ ጋዜጦችን በኮምፒውተር ፈልጋ በርካታ ማስታወቂያዎችን አግኝታ አሳተመች። የብዙ ቤተሰቦች ትዝታ እውነት ሆኖ ተገኘ።

አየርላንዳውያንም ባሪያዎች ነበሩ የሚባለውስ?

ሐሰት ነው፤ መደጋገሙም ያሳዝናል። አየርላንዳውያን ተበድለዋል፣ ተንቀዋል፣ ጉልበታቸው ተበዝብዟል። ነገር ግን ገበያ ላይ አልተሸጡም፣ ልጆቻቸውም የጌታ ንብረት ሆነው አልተወለዱም። የሎዌል ፋብሪካዎች የሚፈትሉት ጥጥ ግን በደቡብ ግዛቶች በባርነት የተያዙ ጥቁሮች የለቀሙት ነበር። ከፋብሪካዎቹ ከሚወጣው ጨርቅ ሻካራው ደግሞ ተመልሶ ወደ ደቡብ ይሄድና ለባሪያዎች ልብስ ይሆን ነበር፤ በደቡብ ያ ጨርቅ በከተማዋ ስም ሎዌል ይባል ነበር።

በ1842 የአየርላንዱ መሪ ዳንኤል ኦኮኔል ከ60,000 ወገኖቹ ጋር ፈርሞ በአሜሪካ ያሉ አየርላንዳውያን ባርነትን እንዲቃወሙ ጥሪ አቀረበ። አብዛኞቹ አልተቀበሉትም። ነጻ የወጣ ጥቁር ሥራችንን ይሻማናል የሚል ፍርሃት ነበራቸው፤ ባርነትን ከሚቃወሙት ፕሮቴስታንቶች ብዙዎቹም ካቶሊክን የሚጠሉ ነበሩ። ምክንያቱ ይገባናል፤ ያጠፉት ጥፋት ግን ምክንያት ስላለው አይቀልም።

የእርስ በርስ ጦርነቱ ምን ለወጠ?

ጦርነቱ በ1861 ሲጀመር የሎዌል ኩባንያዎች ጥጥ ይወደዳል ብለው የያዙትን በትርፍ ሸጡና ፋብሪካ ዘጉ። 10,000 ያህል ሠራተኛ ያለ ሥራ ቀረ። በሎረንስና በሌሎች ከተሞች የነበሩት ባለፋብሪካዎች ማምረታቸውን ስለቀጠሉ፣ ይህን ውሳኔ የከተማዋ ሰው ለረጅም ጊዜ አልረሳውም። ብዙ አየርላንዳውያን ወደ ሠራዊቱ ገቡ፤ ያ ከሥልጣኑ የተነሣው በትለርም ጄኔራል ሆኖ ዘመተ። ከጦር ሜዳ ለተመለሰ ሰው «አገርህ ግባ» ማለት ከበፊቱ ከበደ። ፋብሪካዎቹ ሲከፈቱ ደግሞ ከኩቤክ የመጡ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ ካናዳውያን ዝቅተኛውን ሥራ ያዙ፤ አየርላንዳውያኑ አንድ ደረጃ ወደ ላይ ወጡ።

የከተማዋን ሥልጣን የያዙት መቼ ነው?

የመጀመሪያው አየርላንዳዊ ካቶሊክ ከንቲባ ጆን ዶኖቫን በ1882 ተመረጠ። ጎረቤት ከተማ ሎረንስ ጆን ብሪንን በመምረጥ በአንድ ዓመት ቀድማለች፤ ቦስተን እስከ 1884 ቆይታለች። ፖሊስነት፣ እሳት አደጋ ሠራተኛነትና አስተማሪነት የአየርላንዳውያን ልጆች ሥራ ሆኑ። ያሳዝናል፣ ከእነሱ በኋላ የመጡትን ግሪኮችና ፖላንዳውያን እነሱ በተናቁበት ቋንቋ የናቁም ነበሩባቸው።

ይህ ታሪክ ከኢትዮጵያ ጋር የሚያገናኘው ነገር አለ?

በቀጥታ ባይሆንም በጨርቅ በኩል አለ። ከኒው ኢንግላንድ ፋብሪካዎች የሚወጣውን ያልነጣ የጥጥ ጨርቅ ሳሌም የተባለችው የማሳቹሴትስ ወደብ ነጋዴዎች ከ1830ዎቹ ጀምሮ ወደ ዛንዚባር ይወስዱት ነበር፤ በቀይ ባሕር በኩልም ይገባ ነበር። አያቶቻችን አቡጀዲ እያሉ የገዙት ጨርቅ በአብዛኛው የአሜሪካ ነበር። በ1903 ሮበርት ስኪነር ከአሜሪካ ተልኮ ከዐፄ ምኒልክ ጋር የንግድ ውል ሲዋዋል አንዱ ዓላማው ይህን ገበያ መጠበቅ ነው። በዚያን ጊዜ ከደቡብ ግዛቶች የሚመጣው ጨርቅ በዝቶ ስለነበር ሁሉም አቡጀዲ ከሎዌልና ከጎረቤቶቿ ነው አይባልም። ሆኖም በኒው ኢንግላንድ በአየርላንዳውያን ሴቶች እጅ የተሸመነ ጨርቅ በቀይ ባሕር ዳርቻ መሸጡ እውነት ነው።

ዛሬ ሄዶ ማየት የሚፈልግ ሰው ምን ያገኛል?

ፋብሪካዎቹ ከ1920ዎቹ ጀምሮ አንድ በአንድ ተዘጉ። በ1978 የከተማዋ የፋብሪካ ክልል ብሔራዊ ታሪካዊ ፓርክ ተባለ። የቡት ፋብሪካ ሙዚየም ውስጥ የሚንቀሳቀሱ የሽመና መኪናዎች ያሉበት ክፍል አለ፤ ከመካከላቸው ጥቂቶቹ ሲነሡ ጩኸቱ ሙሉው ክፍል ሲሠራ ምን እንደነበር ለማሰብ ይረዳል። ዘ ኤከር ሠፈር ከአየርላንዳውያን በኋላ የግሪኮች፣ ከዚያም የፖርቶ ሪኮና የካምቦዲያ ሰዎች መኖሪያ ሆኗል፤ በቅዱስ ፓትሪክም የሚቀድሱትና የሚያስቀድሱት ከብዙ አገር የመጡ ናቸው።

ጊዜ ያለው ሰው በጎርሃም ጎዳና ላይ ያለውን፣ ከ1832 ጀምሮ የሚቀበርበትን የቅዱስ ፓትሪክ መካነ መቃብር ሳያይ ባይመለስ እመክራለሁ። የቀደሙት መቃብሮች ላይ የቆሙት ስስ ጥቁር ድንጋዮች ባለ ሦስት ቅጠሉ ሻምሮክ ተቀርጾባቸዋል፤ በብዙዎቹም ላይ የሟቹ ስም፣ የተወለደበት አጥቢያና አውራጃ ተጽፏል። የአየርላንድ የሕዝብ ቆጠራ ሰነዶች በ1922 በደብሊን በተነሣ ቃጠሎ በብዛት ስለጠፉ፣ የአያቶቻቸውን የትውልድ ቀበሌ የሚፈልጉ ሰዎች ብዙ ጊዜ የሚጀምሩት ከእነዚህ ድንጋዮች ነው።